ሌቪ ጅማ ላይ ቡና ቢያፈላ ያው ሌቪ ነው?

የጅማ ልጆች ስለ አኒሜ፣ ማለትም ስለ ጃፓን የካርቱን ፊልም፣ የምንጫወትበት አንድ የኢንተርኔት መድረክ አለን። አብዛኛው ክር፣ አንዱ የከፈተው ወሬ ከነመልሶቹ፣ አምስት ስድስት መልስ ላይ ይቆማል። ባለፈው ክረምት የተከፈተው ግን ሦስት ቀን ዘልቆ 41 መልስ ደረሰ። እኔም ሁለት ጊዜ ጽፌበታለሁ። ዝናቡ ከቤት አላስወጣ ሲለን የተከራከርነው ነገር ተረስቶ እንዲቀር አልፈለግሁም። ስለዚህ ቁጥሩን እየተከተልኩ ልተርከው። የማንንም ቃል እንዳለ አልገለብጥም፣ ስምም አልጠራም።

ክሩን የከፈተችው ሄርማታ ሰፈር ያደገች ልጅ ናት። አንድ ሥዕል ለጠፈች። «አታክ ኦን ታይታን» በሚባለው የጃፓን ታሪክ ውስጥ ታይታን ከሚባሉ ግዙፍ ፍጡሮች ጋር የሚዋጋውን ካፒቴን ሌቪን ነው የሳለችው። ግን ሰይፍ የለም፣ ግንብ የለም፣ ሰው የሚበላ ግዙፍ ፍጡር የለም። ሌቪ የጅማ መርካቶ መውረጃ ላይ፣ አንዲት ትንሽ የጀበና ቡና ቤት ደጃፍ፣ ባለ ሦስት እግር የጅማ በርጩማ ላይ ተቀምጧል። ከኋላው ይዘንባል። ሰማያዊ ባጃጅ ጭቃ እየረጨ ያልፋል። እሱ በነጭ ጨርቅ ሲኒ ይወለውላል። የጦር ክፍሉ ምልክት የሆነው የነፃነት ክንፍ ያለበት አረንጓዴ ካባው ግድግዳው ላይ ምስማር ተመቶለት ተሰቅሏል። መልኩን ደግሞ ጠይም አድርጋዋለች።

ጥያቄዋን ከሥዕሉ ሥር አስፍራለች። ገጸ ባሕሪን ከራሱ ዓለም አውጥቶ ሌላ ዓለም ውስጥ መክተት፣ ልጆቹ ኤዩ የሚሉት ነገር፣ በየአገሩ ያሉ አድናቂዎች ሥራ ነው። ሌቪን አስተማሪ ያደረገ አለ፣ ሐኪም ያደረገ አለ፣ ድመት ያደረገም አለ። እሷን ያስጨነቃት ሌላ ነው። ልብሱን ስትገፍፈው፣ ሰይፉን ስትቀማው፣ አገሩን ስትቀይርበት፣ ምን ሲተርፍ ነው አሁንም ሌቪ የሚባለው? ፊቱ ብቻ ከተረፈማ መገልበጥ እንጂ መፍጠር አይደለም ብላ ታምናለች። ሥዕሏ የቱ ጋ እንደሆነ ግን እርግጠኛ አይደለችም።

1ኛው መልስ ምስጋና ብቻ ነበር። 2ኛው ቁመቱን አረመ። ሌቪ 1 ሜትር ከ60 ነው፤ በሥዕሉ ላይ ግን ከባጃጁ ጋር ሲተያይ ረዝሟል። ልክ ነበር። በምን እንደሳለችም ጠየቃት። በስልኳ፣ አይቢስ ፔይንት ላይ፣ በጣቷ እንደሆነ መለሰችለት።

ክሩን የቀሰቀሰው 3ኛው ነው። ልጁ እህቴ ብሎ ጀምሮ፣ ሥዕሉን አድንቆ፣ ከዚያ ነው ነገሩን ያነሳው። ሌቪ የሻይ ሰው ነው። ማንጋው፣ በሥዕል የሚተረከው መጽሐፉ፣ ከ2009 እስከ 2021 (ዓመቱን ሁሉ በፈረንጅ ነው የምቆጥረው) ሲታተም ሌቪ በእጁ ከያዛቸው ነገሮች ከሰይፉ ቀጥሎ የሚታወሰው የሻይ ስኒው ነው። ቡና ስታስይዢው ካለችው ጥቂት ነገር አንዱን ወሰድሽበት አላት።

4ኛው መልስ የጅማ ኩራት ነው። ጅማ ተቀምጦ ከቡና በፊት ሻይ የሚያስብ ሰው የጅማ ሰው አልሆነም ማለት ነው፤ እንግዲህ ወይ ሌቪ ይሁን ወይ ጅሜ ይሁን የሚል። 5ኛዋ ቦንጋ ተወልዳ እዚህ የምትሠራ ልጅ ናት፤ ነገሩን በአንድ ዓረፍተ ነገር አበረደችው። የውሽውሽ የሻይ እርሻ እኮ ቦንጋ አጠገብ ነው። ሌቪ የእኛኑ አገር ሻይ መጠጣት ይችላል።

እዚህ ላይ ክሩ ከመንገዱ ወጣ። ከ6 እስከ 9 ያሉት መልሶች ስለ አኒሜ አይደሉም። አንዱ ቡና የተገኘው ጎማ ወረዳ ጮጬ ነው አለ። የቦንጋዋ ልጅ ካፋ ነው አለች። ሌላው ስለ ቡና ቀላ አንስቶ፣ ፍሬው በቅቤ ተጠብሶ ሲቀርብ ያለውን ሽታ ተረከ። አወያያችን መጥቶ ወደ ሌቪ እንድንመለስ ለመነ። ቡና ባለበት ስለ ቡና አታውሩ ማለት ከባድ ነው፤ ግን ሰሙት።

10ኛው መልስ የመጣው ካልጠበቅነው ሰው ነው። በዕድሜ ከሁላችንም የሚበልጡ፣ በልጃቸው በኩል መድረኩን ያገኙ ሰው ናቸው። ሁላችንም ጋሼ ነው የምንላቸው። አኒሜ ብዙም አላዩም። ጥያቄዋ ግን አዲስ አይደለም አሉ። እሳቸው ልጅ ሳሉ ስለ አለቃ ገብረ ሃና የሚወራው ጨዋታ ማለቂያ አልነበረውም። አለቃ የጎንደር ሰው ናቸው። ጨዋታው ግን በየከተማው ሌላ ልብስ ይለብሳል። ጅማ ሲደርስ አለቃ የጅማን ገበያ ያውቁታል፣ በቅሏቸውን አዌቱ ወንዝ ያጠጧታል። ማንም ይሄ በእርግጥ ሆኗል ወይ ብሎ አይጠይቅም ነበር። የሚጠየቀው መልሱ የአለቃ መልስ ነው ወይ የሚለው ነው። ተራኪው በመጨረሻ ደካማ መልስ ከሰጣቸው አድማጩ ወዲያው ያውቃል፤ ይሄማ አለቃ አይደሉም ይለዋል።

ይህን መልስ ሁለት ጊዜ አነበብኩት። ልጅቷ የጠየቀችው ሚዛን እሳቸው ዘንድ ነበር። ቦታው ቢቀየር፣ ልብሱ ቢቀየር ችግር የለም። ሰውየው በዚያ ቦታ የሚያደርገው ነገር የእሱ መሆን አለበት።

11ኛው በአክብሮት አረማቸው። አለቃ በሕይወት የነበሩ ሊቅ ናቸው፤ ዝማሬና አቋቋም ያስተማሩ። ሌቪ ግን አንድ ሰው፣ ሃጂሜ ኢሳያማ፣ ቁጭ ብሎ የፈጠረው ነው። ባለቤት አለው። በ12 ጋሼ ልክ ብለሃል ልጄ ብለው ተቀበሉ፤ የባለቤትነቱን ነገር ግን እናንተ ተነጋገሩበት አሉ።

13ኛው ያንኑ ይዞ ከረር አለ። ደራሲው ሌቪን ጀበና ይዞ ቢያየው ያዝናል፤ የሰው ሥራ ላይ መጫወት ድፍረት ነው የሚል ነው።

14ኛው የእኔ ነው። ኢሳያማ ራሱ ተጫውቶበታል ብዬ ጻፍኩ። በማንጋው ቅጾች መጨረሻ ላይ፣ ለቀጣዩ ቅጽ የውሸት ማስታወቂያ እያስመሰለ፣ የታሪኩን ዋና ገጸ ባሕሪ ኤረንንና ጓደኞቹን የዛሬ ዘመን ተማሪ አድርጎ ስሏቸዋል። ጓደኛው ሚካሳ እዚያ ጥቁር በጥቁር የምትለብስ ልጅ ናት። በ2012 ደግሞ ሁሉም የመለስተኛ ሁለተኛ ደረጃ ተማሪ የሆኑበት ሌላ ማንጋ ወጣ፤ በ2015 አኒሜ ሆነ። እዚያ ኤረን ታይታኖቹን የሚጠላው እናቱን ስለበሉበት አይደለም። ምሳውን ስለበሉበት ነው። ወላጅ አልባው ኒንጃ ናሩቶም አለ። በ2012 የወጣውና የናሩቶ ደራሲ ማሳሺ ኪሺሞቶ ታሪኩን የጻፈው «ሮድ ቱ ኒንጃ» ሙሉ ፊልሙ ሌላ ዓለም ነው። ዓይን አፋሯ ሂናታ እዚያ ግልፍተኛ ናት።

በ15 አንዱ ደራሲው በራሱ ልጅ ቢጫወት አንተን ምን አገባህ አለኝ። ጥያቄው ተገቢ ነው። 16ኛው ከእኔ በተሻለ መለሰለት። ጃፓን ውስጥ አድናቂዎች በሚወዷቸው ገጸ ባሕርያት ላይ የራሳቸውን ማንጋ ሠርተው ያሳትማሉ፤ ዶጂንሺ ይባላል። ይህ የሚሸጥበት ኮሚኬት የሚባለው ትልቁ ገበያ ቶኪዮ ውስጥ የተጀመረው በ1975 ነው። ብዙ አሳታሚዎች እያወቁ ዝም ይላሉ፤ ከዚያ ገበያ ወጥተው ራሳቸው ታላላቅ ደራሲ የሆኑ ስላሉ ነው። ኦሳሙ ቴዙካንም አነሳ። ቴዙካ ገጸ ባሕርያቱን እንደ ተዋናይ ነበር የሚያያቸው። አንዱ ፊት እዚህ መርማሪ፣ እዚያ አስተማሪ ሆኖ ይመጣል።

17ኛው አጭር ነው፤ ግን ክሩን ወደ ውስጥ ወሰደው። «ሮድ ቱ ኒንጃ» ውስጥ የናሩቶ እናትና አባት በሕይወት አሉ፤ ቤት አለ፣ እራት አለ። ይሄ ልጅ ዕድሜ ልኩን የተራበው ይህንኑ ነው። ፊልሙ ሁሉን ነገር ገልብጦ የናሩቶን ረሃብ ግን አልነካበትም። ለዚህ ነው የምናለቅሰው።

18ኛዋ ነርስ ናት፤ ማታ ተረኛ ሆና ነው የጻፈችው። ከክሩ ሁሉ ረጅሙ የእሷ ነው። ሌቪን ንጽሕና ወዳድ ብቻ አድርገን ማየታችን ያበሳጫታል። ፀሐይ በማይገባበት የምድር ውስጥ ከተማ የተወለደ ልጅ ነው። እናቱ ታማ ስትሞት አጠገቧ ነበር። ካደገ በኋላ በራሱ እጅ የመረጣቸው አራት ወታደሮች፣ ፔትራ፣ ኦሉኦ፣ ኤልድ እና ጉንተር፣ ጫካ ውስጥ በአንድ ቀን አለቁበት። እሱ ተረፈ። ሁልጊዜ የሚተርፈው እሱ ነው። ሲኒ የሚወለውል ቆንጆ ልጅ ከሆነ ማንም ሊሆን ይችላል፤ የተረፈ ሰው መሆኑ የት አለ ብላ ጠየቀች። ልጅቷ ለዚህ ወዲያው አልመለሰችም።

ከ19 እስከ 21 ወሬው ወደ ሃትሱኔ ሚኩ ሄደ። አንዱ የ2024ን ነሐሴ አስታወሰ። ሚኩን በብራዚል አለባበስ የሚያሳይ ሥዕል ተነሥቶ፣ ከዚያ የየአገሩ ሰው የራሱን ልብስ አልብሶ እየሳለ ዓለምን አዳርሷል። 20ኛው ሚኩ የአኒሜ ገጸ ባሕሪ አይደለችም ብሎ አረመ። በ2007 የወጣች የመዝፈኛ ሶፍትዌር ድምፅ ናት፤ የሠራት ድርጅት ክሪፕተን ሳፖሮ ከተማ ነው ያለው። አድናቂዎች ለትርፍ እስካልሆነ ድረስ እንዲስሏት ድርጅቱ በጽሑፍ ፈቅዷል። ስለዚህ ከሌቪ ጋር አንድ አይደለችም። እርማቱ ጠቃሚ ነበር። ሚኩ ታሪክ የላትም፤ የምታለብሳትን ትሆናለች። ሌቪ ግን ታሪኩን ተሸክሞ ነው የሚመጣው።

22ኛዋ የጅሬን ልጅ፣ ከአባ ጅፋር ቤተ መንግሥት ብዙም ሳትርቅ ያደገች ናት። የኢትዮጵያ ሚኩ ተብለው የተሳሉትን አይታለች። ሁሉም ማለት ይቻላል ጥበብ ያለው ነጭ ቀሚስ ለብሰዋል። ልብሱን ትወደዋለች። የእናቷ ልብስ ግን እሱ አይደለም። እናቷ ረዥም ባለ አበባ ቀሚስና ሻሽ ነው የምትለብሰው፤ ቡና ስታፈላም እንዲሁ ናት። ሲኒውንም እቤታቸው ፍንጃል ነው የሚሉት። ኢትዮጵያ ብሎ ለሳለ ሁሉ እናቷ እንዳልታየችው ተሰማት። በ23 አንዱ ነገሩን ወደ ብሔር ሊወስደው ሞከረ። በ24 ጋሼ ቀድመው ደረሱ። ልጅቷ ስለ እናቷ ቀሚስ ነው ያወራችው፤ እናንተ ሌላ አትስሙ አሉ። በ25 የሥዕሉ ባለቤት የጅሬኗን ልጅ አመሰገነች፤ ፎቶ እንድትልክላትም ጠየቀቻት።

26ኛው መልስ ላይ የክሩ ድምፅ ተቀየረ። ሰላምታ የለ፣ እህቴ የለ። ሌቪን ጠይም ማድረግ ገጸ ባሕሪውን ማበላሸት ነው፤ የራሳችሁ ጀግና ስለሌላችሁ የሰው ታጠቁራላችሁ አለ። እውነቱን ለመናገር አመመኝ። እንዲህ ያለ ነገር በውጭ አገር ገጾች ላይ ጥቁር ሠዓሊዎች ላይ ሲወርድ አይቻለሁ። ከጅማ ልጅ አልጠበቅሁም።

27ኛው በንዴት ሳይሆን በምሳሌ መለሰ። በ2004 የወጣው «ፌት ስቴይ ናይት» የሚባለው የጃፓን ጨዋታ የእንግሊዞችን ንጉሥ አርተርን ወስዶ ሴት አድርጓታል። ሴይበር ያው እሷ ናት። ከዚያ ደግሞ የሴይበርን ጨለማ ገጽ ሠርተው ኦልተር አሏት። ጢማም ንጉሥ ባለ ወርቃማ ጸጉር ልጃገረድ ሲሆን የተቀበልን ሰዎች፣ አንድ ልጅ ፀሐይ የመታው ሲመስል ለምን ይከብደናል? በ28 የ26ኛው ሰውዬ ተመልሶ መጣና በቃ የራሳችሁን ፍጠሩ አለ። በ29 ልጅቷ ተናገረች። የራሷንም እንደምትፈጥር፣ ሁለቱ እንደማይጣሉ ገለጸች። ሌቪን ጠይም ያደረገችው ጅማ ከተወለደማ ወንድሜን ይምሰል ብላ ነው።

30ኛው ከአጋሮ ነው፤ በጣም የወደድኩት ነው። «ዋን ፒስ» የሚባለውን የባሕር ወንበዴዎች ማንጋ የሚጽፈው ኤይቺሮ ኦዳ አንድ ጊዜ አንባቢ ጠይቆት፣ ጀግኖቹ በእኛ ዓለም ቢኖሩ ከየት እንደሚሆኑ ተናግሯል። ሉፊ ከብራዚል፣ ዞሮ ከጃፓን፣ ሳንጂ ከፈረንሳይ፣ ሮቢን ከሩሲያ። ኡሶፕ ከአፍሪካ። የአጋሮው ልጅ ይህን መጀመሪያ ሲሰማ ዘለለ። የሚወደው ሰው የእሱ ወገን ሆነለት። ቆይቶ ግን አንድ ነገር ቆረቆረው። ለሌሎቹ አገር ተሰጣቸው፤ ለኡሶፕ አህጉር። ኦዳን አይወቅስም። ከሩቅ የሚያይ ሰው ከሩቅ የሚታየውን ነው የሚናገረው። ኡሶፕ አፍሪካ ውስጥ የት ሰፈር እንዳደገ፣ እናቱ ምን ትሸጥ እንደነበር፣ ዝናብ ሲመጣ የት እንደሚጠለል መሳል ግን እዚህ የሚኖር ሰው ሥራ ነው። የ26ቱ ሰውዬ ከዚህ በኋላ አልጻፈም።

31ና 32 የባጃጅ ሰልፍና የመብራት መጥፋት ወሬ ናቸው፤ ልለፋቸው።

33ኛው እንደገና እኔ ነኝ። ዞሮን መርካቶ ውስጥ መንገድ ጠፍቶት ስዬ ነበር። ዞሮ አቅጣጫ እንደማያውቅ «ዋን ፒስ»ን ያየ ሁሉ ያውቃል። አራት ምሽት ፈጀብኝ። ከወራት በኋላ አንድ ልጅ ደረት ላይ፣ ቲሸርት ላይ ታትሞ አየሁት። ጥግ ላይ የነበረው ስሜ ተቆርጧል። ያተመውን ቤት ሄጄ ጠየቅሁ፤ ኢንተርኔት ላይ ያለ ነገር የሁሉም ነው አሉኝ። ይህን ጻፍኩ። በ34 አንዱ አንተስ የኦዳን ዞሮ ወስደህ የለ፣ ምን ያስከፋሃል አለኝ። በ35 ነርሷ መለሰችልኝ። አድናቂ ሲስል ይሄ ዞሮ ነው፣ የኦዳ ነው እያለ ነው፤ ሁሉም ምንጩን ያያል። እነሱ ግን ምንጩን ነው የቆረጡት። ከዚህ የተሻለ መልስ አልነበረኝም፣ አሁንም የለኝም።

በ36 አንዱ ያለ ክፋት በኤአይ የተሠራ ምስል ለጠፈ። ጅማ፣ ሌቪ፣ ጀበና ብሎ አዝዞ በደቂቃ የወጣለት ነው። ብርሃኑ ያምራል። ለምን በጣትሽ ትደክሚያለሽ ነው መልእክቱ። 37ኛው መልስ የመጣው እናቱ ጀበና ቡና ከምትሸጥ ልጅ ነው። ትምህርት ቤት ውሎ ሲመለስ ሲኒ የሚያጥበው እሱ ነው። ምስሉን አይቶ ያየውን ዘረዘረ። ጀበናው ያለ ማቶት አየር ላይ የቆመ ይመስላል። ቄጠማው የእግር ኳስ ሜዳ ሣር ነው። ሲኒዎቹ ደግሞ ሁሉም መያዣ አላቸው። የእኛ ሲኒ መያዣ የለውም። አፉ ዙሪያውን በጣት ጫፍ ነው የሚያዘው፣ ሥሩ ስለሚፋጅ።

38ኛው መልስ ከዚህ በኋላ ሩብ ሰዓት ሳይሞላ ገባ። የሻዩ ልጅ ነው፤ የ3ኛው መልስ ባለቤት። ሌቪ ስኒ እንዴት እንደሚይዝ አስታወሳችሁ ወይ ብሎ ጠየቀ። ሌቪ መያዣውን አይነካም። መያዣ ያለውንም ስኒ ከላይ፣ በአፉ ዙሪያ፣ በጣቶቹ ጫፍ ነው የሚያነሳው። አድናቂዎች ዓመታት ያወሩበት አያያዝ ነው። ማለት ነው ሌቪ ከመጀመሪያውም የያዘው እንደ ጅማ ሰው ነው።

ስልኬን ይዤ ከመቀመጫዬ ተነሣሁ። ይህን ለማየት ሲኒ አጥቦ ያደገ ልጅና ሌቪን በቃሉ የሚያውቅ ልጅ አንድ ቦታ መገናኘት ነበረባቸው። ከሁለቱ አንዱ ቢጎድል አይታይም ነበር። በ39 የሻዩ ልጅ ቡናውን መፍቀዱን ጻፈ። በ40 ልጅቷ እንደገና ልትስል መሆኑን ነግራን ጠፋች።

41ኛው በማግስቱ ማታ መጣ። ጽሑፍ የለውም፣ ሥዕል ብቻ ነው። ዝናቡ አባርቷል። ሌቪ ያው በርጩማው ላይ ነው፤ ቁመቱም ተስተካክሏል። ከኋላው ባለ አበባ ቀሚስ የለበሰች እናት ጀበና ታወርዳለች። ሲኒውን በአፉ ዙሪያ ይዞታል። ፊት ለፊቱ ረከቦት አለ። ረከቦቱ ላይ ሌሎች ሲኒዎች ተቀድተው ተቀምጠዋል፤ ማንም አላነሳቸውም፣ እንፋሎታቸውም አልቋል። ቆጠርኳቸው። አራት ናቸው።